የልደት ቀን የማን ነው?

ሰው ዕድሜውን በሦስት ነገር ይቈጥረዋል፤ በሄደው፣ በቀረውና በጐረቤቱ። በሄደው የሚቈጥር ያዝናል፤ በቀረው የሚቈጥር ይፈራል፤ በጐረቤቱ የሚቈጥር ግን ከሁለቱም ይልቅ ይጐዳል፤ ስለ ምን ቢሉ የራሱን ዘመን በሰው ቁና ይሰፍራልና። ይህን ነገር እጽፍ ዘንድ ያነሣሣኝ አንድ ወጣት አስተማሪ ነው።

ይህ ወጣት በልጅነቱ ከእኔ ዘንድ ፊደልና ንባብ የተማረ፣ አሁን ደግሞ በከተማ ትምህርት ቤት ሒሳብ የሚያስተምር ነው። ባለፈው ወር ወደ ቤቴ መጥቶ እንዲህ አለኝ፤ «የኔታ፤ በሚመጣው ቅዳሜ 32 ዓመት ይሞላኛል። ጓደኞቼ ኬክ እንቈርሳለን፣ ሻማ እናበራለን ብለው ተነሥተዋል። እርስዎም መጥተው አንድ የምርቃት ቃል ቢናገሩልን ደስ ይለናል። ዳሩ ግን እውነቱን ልንገርዎ፤ ለእኔስ የሚያስደስት ነገር አልታየኝም። እኩዮቼ ቤት ሠርተዋል፤ አግብተው ወልደዋል፤ ባሕር ተሻግረው የከበሩም አሉ። እኔ ግን እስከ ዛሬ በኪራይ ቤት አለሁ። ዓመቱ ሞላ እንጂ እኔ አልሞላሁም።»

እኔም በዚያን ጊዜ የሚገባ መልስ አጥቼ፣ ቅዳሜ እመጣለሁ ብዬ አሰናበትሁት። እስከዚያ ቀን ድረስ ግን ነገሩ ከልቤ አልወጣም። ያሰብሁትን ለእርሱ በማዕዱ ላይ ነገርሁት፤ በዚህ ዕድሜ ላለ ለሌላም ሰው ይጠቅም እንደ ሆነ ብዬ እነሆ ጻፍሁት።

አስቀድሞ የልደትን ቀን ማክበር ይገባልን የሚል ጥያቄ አለ። አይገባም የሚሉ ሰዎች ማስረጃቸው ቀላል አይደለም። በመጽሐፍ ቅዱስ የተወለዱበትን ቀን በግብዣ ሲያከብሩ የሚታዩ ሁለት ነገሥታት ናቸው፤ አንዱ የግብጹ ፈርዖን፣ ሁለተኛውም ሄሮድስ ነው። ፈርዖን በልደቱ ቀን የእንጀራ አበዛዎቹን አለቃ ሰቀለው፤ ሄሮድስም በልደቱ ቀን የመጥምቁን የዮሐንስን ራስ በወጭት አስመጣ። በሦስተኛው መቶ ዓመት የነበረው የእስክንድርያው ኦሪጌንስ ይህን አይቶ፣ ከቅዱሳን ወገን የልደቱን ቀን በግብዣ ያከበረ እንዳልተገኘ ጽፏል። ኢዮብና ኤርምያስም በመከራቸው ጊዜ የተወለዱበትን ቀን ረግመዋል።

ነገር ግን ጠጋ ብሎ ለሚመረምረው ጥፋቱ በቀኑ አይደለም። ቀኑ ክፉ ቢሆን ኖሮ ቤተ ክርስቲያን ግንቦት 1 ቀን የእመቤታችንን፣ ሰኔ 30 ቀን የመጥምቁን፣ ታኅሣሥ 29 ቀንም የጌታችንን ልደት ባላከበረች ነበር። የሄሮድስ ጥፋት፣ ቀኑ የእኔ ነው ማለቱ ነው። ቀኑ የእርሱ ከሆነ ዘንድ በዚያ ቀን ያለው ሁሉ፣ የሰው ራስ ስንኳ ሳይቀር፣ የእርሱ መስሎ ታየው። እንግዲህ ከሁሉ አስቀድሞ ሊጠየቅ የሚገባው፣ የልደት ቀን የማን ነው የሚለው ነው።

ለዚህ ጥያቄ ቋንቋችን ራሱ መልስ አለው። ግስ ያወረደ ሰው እንደሚያውቀው «ወለደ» አድራጊ ነው፤ «ተወለደ» ግን ተደራጊ ነው። ሰው በዕድሜው የሠራውን ሲናገር ጻፍሁ፣ ገዛሁ፣ አሸነፍሁ ይላል፤ የመጀመሪያ ቀኑን ግን «ተወለድሁ» ብሎ ራሱን ተደራጊ ሳያደርግ ሊናገረው አይችልም። ዕድሜውንም ሲናገር «32 ዓመት ሞላኝ» ይላል። የዚህ ዐረፍተ ነገር ባለቤቱ ዓመቱ ነው፤ ሰውዬው ተቀባይ ነው። ደግሞም የተወለደበትን ቀን የሚያስታውስ ሰው የለም፤ ሌላ ሰው ካልነገረው በቀር አያውቀውም። ራሱ ያላየውን፣ ያልሠራውንና ያላስታወሰውን ቀን የእኔ ብቻ ነው ይል ዘንድ እንዴት ይችላል?

በአገራችን የቀድሞ ልማድም የልደት የደስታ ቃል የሚነገረው ለሕፃኑ አልነበረም። ምጥ በያዛት ጊዜ ጐረቤቶች ተሰብስበው «ማርያም፣ ማርያም» እያሉ ይለምናሉ፤ በተገላገለች ጊዜ እልል ይላሉ፤ ገንፎው ተገንፍቶ ይበላል፤ የሚገባውም ሁሉ እናቲቱን «እንኳን ማርያም ማረችሽ» ይላታል። ብዙዎች አባቶቻችን የተወለዱበትን ዓመት በቍጥር አያውቁትም ነበር፤ እናቶቻቸው ግን የሚካኤል ዕለት፣ የማርያም ማግስት፣ የጊዮርጊስ ዋዜማ እያሉ ዕለቱን ሳይስቱ ይይዙት ነበር። ከዚህም በኋላ ወንዱ በ40 ቀን፣ ሴቲቱ በ80 ቀን ክርስትና ሲነሡ፣ የሚያቅፋቸው ሌላ፣ ስም የሚያወጣላቸውም ሌላ ነው። ስለዚህ የልደት ቀን አስቀድሞ የእናት ነው፤ ቀጥሎም ተቀብለው ያሳደጉ ሰዎች ነው፤ ከሁሉም በላይ ሕይወትን የሰጠ የእግዚአብሔር ነው። የተወለደው ሰው በማዕዱ ላይ የሚቀመጠው ባለዕዳ ሆኖ ነው።

ባለዕዳ መሆን ያሳፍራል የሚል ይኖር ይሆናል። ነገር ግን ይህ ዕዳ የሚያሳፍር ሳይሆን ከባዶ እጅ ሐዘን የሚያድን ነው። ለዚህም አንድ ምሳሌ አለኝ፤ ይኸውም ልክ እንደ ወጣቱ አስተማሪ 32 ዓመት በሞላው ቀን ግብዣ አድርጎ፣ በማዕዱ ላይ የተነገረውን በመጽሐፍ የተወልን ሰው ነው። ስሙ አውግስጢኖስ ይባላል።

አውግስጢኖስ እንደ አውሮፓውያን አቈጣጠር በ354 ዓመት፣ ዛሬ አልጀሪያ በሚባለው አገር በታጋስቴ ከተማ ተወለደ። ካደገና ከተማረም በኋላ በኢጣልያ በሚላኖ ከተማ የንግግር ጥበብ መምህር ሆኖ በመንግሥት ደመወዝ ይኖር ነበር። ሹመት ያገኝ ዘንድ ተስፋ ነበረው፤ ልጃገረድም ታጭታለት ነበር። በ386 ዓመት ግን ልቡ ተለወጠ፤ ደረቱንም ታመመ፤ የማስተማር ሥራውን ተወ፤ የሹመትንና የጋብቻን አሳብ ተወ። አንድ ወዳጁ በሚላኖ አቅራቢያ በካሲኪያኩም የነበረውን የገጠር ቤት እንዲቀመጥበት ሰጠው። እንግዲህ በዚያው ዓመት ኖቬምበር 13 ቀን፣ በእኛ አቈጣጠር ኅዳር 17 ቀን 379 ዓመተ ምሕረት፣ 32 ዓመት ሲሞላው በእጁ ምን ነበረ? ቤቱ የሰው ነው፤ ደመወዙ ቀርቷል፤ እጮኛው ቀርታለች፤ ጥምቀትን ስንኳ ገና አልተቀበለም። እኩዮቹ ቢያዩት ይህ ሰው ኋላ ቀረ ባሉት ነበር።

እርሱ ግን በዚያ ቀን ለሰውነት የማይከብድ ቀላል ምሳ አቀረበ። ሰማዩ ደመና ስለ ነበረ ወደ መታጠቢያው ቤት ገብተው ተቀመጡ። በማዕዱ የነበሩት እናቱ ሞኒካ፣ ወንድሙ፣ ሁለት ደቀ መዛሙርቱ፣ የሰዋስው መምህር ደጅ ያልረገጡ ሁለት ዘመዶቹና ልጁ አዴዎዳቱስ ነበሩ። የልጁ ስም ትርጓሜ በእኛ አገር ሀብተ እግዚአብሔር እንደ ማለት ነው፤ ዕድሜውም ገና 15 ዓመት አልሞላም ነበር።

አውግስጢኖስም በልደቱ ቀን ለሥጋ ብቻ ሳይሆን ለነፍስም ማዕድ ማቅረብ እንደሚገባው ተናግሮ ጥያቄ አነሣ። ሰው ሁሉ ደስተኛ መሆን ይወዳል፤ የፈለገውን ያላገኘ ደስተኛ አይደለም፤ እንግዲህ የፈለገውን ያገኘ ሁሉ ደስተኛ ነውን? ለዚህ ጥያቄ የመለሰችው የፍልስፍና ትምህርት ያልተማረችው እናቱ ናት። ቃሏም፣ የፈለገው መልካም ነገር ሆኖ ቢያገኘው ደስተኛ ነው፤ የፈለገው ክፉ ነገር ከሆነ ግን ቢያገኘውም ምስኪን ነው የሚል ነበር። ልጇም በደስታ ስቆ፣ ፈላስፎች በብዙ ድካም የሚወጡትን አምባ እናቱ በአንድ ቃል እንደ ያዘችው መሰከረላት።

ጨዋታው ሦስት ቀን ዋለ። በሦስተኛው ቀን ደመናው ስለ ተገለጠ ወደ መስኩ ወርደው ተቀመጡ። በዚያም ከክርስቶስ ልደት በፊት ስለ ነበረ ሴርግዮስ ኦራታ ስለሚባል ሮማዊ ባለጸጋ ነገር ተነሣ። ይህ ሰው ገንዘብ፣ ወዳጅ፣ ጤናም አልጐደለውም ነበር ተባለ፤ ነገር ግን ያለውን እንዳያጣ ሳይፈራ አልቀረም ተባለ። ሞኒካም፣ ብር የጐደለውን ድኻ እንለዋለን፤ ጥበብ የጐደለውንስ ስለ ምን ድኻ አንለውም የሚል አሳብ አመጣች። አውግስጢኖስም ነገሩን ሰብስቦ፣ እውነተኛው ጉድለት የነፍስ ልክ ማጣት እንደ ሆነ፣ የነፍስም ልክ ጥበብ እንደ ሆነ፣ ጥበብም ከእግዚአብሔር እንደሚገኝ አስረድቶ ማዕዱ ተፈጸመ። ይህ ሁሉ «ስለ ብፁዕ ሕይወት» በሚለው መጽሐፉ ተጽፎ ይገኛል።

ይህን የልደት ማዕድ ከሄሮድስ ማዕድ ጋራ አስተያዩት። በአንዱ የልደቱ ባለቤት ተቀመጠ፤ ሌላው ጨፈረለት፤ ነቢይም ሞተበት። በሌላው የልደቱ ባለቤት አገለገለ፤ ያልተማሩት ከተማሩት እኩል ተሰሙ፤ የክብሩ ወንበርም ለወለደችው ተሰጠ። እጁ ባዶ የሆነ ሰው ይህን ያህል ማዕድ ማቅረብ ከቻለ፣ ባዶ እጅ የምንለው ነገር እንደምናስበው ባዶ እንዳልሆነ እንረዳለን።

ከዚያ በኋላ የሆነውን ደግሞ ስሙ። አውግስጢኖስ በሚመጣው በ387 ዓመት በፋሲካ ሌሊት ከልጁ ጋራ በአምብሮስዮስ እጅ ተጠመቀ። ወደ አገሩ ወደ አፍሪካ ሊመለስ ሲነሣም የሮማ ወደብ በሆነችው በኦስትያ እናቱ ታማ ዐረፈች። እርሷ በ56ኛ ዓመቷ፣ እርሱም በ33ኛ ዓመቱ ነበሩ። እንግዲህ ያ የኅዳር 17 ቀን ሞኒካ በልጇ ልደት የተቀመጠችበት የመጨረሻው ቀን ሆነ። አዴዎዳቱስም ከጥቂት ዓመት በኋላ በወጣትነቱ ዐረፈ። አውግስጢኖስ ግን ከዚያ ቀን ወዲህ 43 ዓመት ከዘጠኝ ወር ያህል ኖሮ፣ የሂፖ ኤጲስ ቆጶስ ሆኖ በ430 ዓመት ዐረፈ። ዓለም የሚያውቃቸው ብዙዎቹ ሥራዎቹ ሁሉ ከዚያ ልደት በኋላ የተሠሩ ናቸው። በዚያ ቀን የቀረበትን ሹመት እየቈጠረ አዝኖ ውሎ ቢሆን ኖሮ፣ የእናቱን ቃል ሳይሰማ በቀረ ነበር፤ ቀኑም ዳግመኛ አይመለስለትም ነበር።

ስለ ሠላሳ ዓመት ደግሞ መጻሕፍት የሚሉት አለ። ከላይ የፈርዖንን ልደት አንሥተን ነበር፤ አሁን በዚያ ቀን በእስር ቤት የነበረውን ሰው እናስብ። ዮሴፍ በዚያን ጊዜ 28 ዓመት ያህል ነበረ፤ ከሁለት ዓመት በኋላ በፈርዖን ፊት ሲቆም 30 ዓመት ነበረና። የጠጅ አሳላፊዎች አለቃ በዚያ የልደት ቀን ወደ ሹመቱ ተመለሰ፤ ሕልሙን የፈታለትን ዮሴፍን ግን ረሳው። ዮሴፍ ዕድሜውን በወንድሞቹ ቁና ሰፍሮት ቢሆን፣ እነርሱ ባለቤትና ባለመንጋ፣ እርሱ እስረኛ ሆኖ ይታየው ነበር። ዳሩ ግን ኋላ አገር ከራብ የዳነበትን ሥራ፣ ይኸውም የሌላውን ሰው ጭንቀት ሰምቶ መፍታትን፣ የሠራው በዚያ ነው። ዳዊትም ሲነግሥ 30 ዓመቱ ነበረ፤ ጌታም ማስተማር ሲጀምር 30 ዓመት ያህል ሆኖት ነበር፤ የቀዓት ልጆችም በድንኳኑ ያገለግሉ ዘንድ ከ30 እስከ 50 ዓመት ያሉት ተቈጠሩ። በዚህ ቍጥር የሄድን እንደ ሆነ 32 ዓመት የሞላው ሰው ገና የሁለት ዓመት አገልጋይ ነው፤ 18 ዓመት ይቀረዋል።

ይህን ስል የታሰረ ሁሉ ይሾማል፣ የቸገረው ሁሉ ይከብራል ማለቴ አይደለም። በእስራት የሞቱ ጻድቃን ብዙዎች ናቸው። እኔ የምለው ሌላ ነው። እስከ ሠላሳ ድረስ ሰው የሚበዛው መቀበሉ ነው፤ ይታቀፋል፣ ይመገባል፣ ይማራል፣ ይመከራል። በሠላሳዎቹ ጕልበቱና ልቡናው አብረው ይገኛሉ፤ ያን ጊዜ የመስጠት በር ይከፈትለታል። ስለዚህ በዚህ ዕድሜ ያለ ሰው በልደቱ ቀን ምን አገኘሁ ብሎ ከመጠየቅ ይልቅ፣ የተቀበልሁት ከእኔ አልፎ ወደ ማን ደረሰ ብሎ ቢጠይቅ፣ ሒሳቡ በቅን ይገባለታል።

ይህን የምናገረው እንደ ንጹሕ ሰው ሆኜ አይደለም። እኔ 33 ዓመት ሊሞላኝ ጥቂት ሲቀረው እናቴ ከገጠር ሰው ልካ፣ «የወለድሁህ ዕለት የማርያም ማግስት ነው፤ ጠላ ጠምቄአለሁና ና፤ ዓይንህን ልየው» አለችኝ። በዚያን ጊዜ ከእኔ ጋራ ቅኔ የተማሩት ወንበር ዘርግተው መምህራን ተብለዋል፤ እኔ ግን ገና በሰው ጕባኤ ተማሪ ነበርሁ። ባዶ እጄን፣ ያለ ማዕርግ ምን ብዬ ልግባ ብዬ ቀረሁ። እርሷም ጐረቤቶቿንና ችግረኞችን ሰብስባ በስሜ አበላች፤ የእኔንም ድርሻ እስከ ማታ ድረስ ከድና አቈየችው፤ ይህን በኋላ ሰማሁ። በሦስተኛው ዓመት መምህር ተብዬ፣ ካባ ደርቤ ስሄድ ዓይኗ ጠፍቶ ነበር። ፊቴን በእጇ ዳሰሰችው፤ ካባውን ግን አላየችውም። እኔ የጐደለኝን እየቈጠርሁ ቀርቼ ነበር፤ ለእርሷ የጐደላት ግን እኔ ነበርሁ። እንግዲህ ወጣቱ ሰው «አልሞላሁም» ባለኝ ጊዜ መልስ ያጣሁት፣ ያን ቃል ከራሴ አፍ ቀድሞ ስለማውቀው ነው።

ቅዳሜ ማታ ወደ ቤቱ ሄድሁ። በአንዲት ክፍል ዐሥር ያህል ሰዎች ተሰብስበው ነበር። ሻማው ሳይበራ፣ «ማስተማር ከጀመርህ ስንት ዓመት ሆነህ? በየዓመቱስ ስንት ልጆች ታስተምራለህ?» ብዬ ጠየቅሁት። እርሱም፣ «ዘጠኝ ዓመት ሆነኝ፤ በየዓመቱ ወደ ሁለት መቶ ይሆናሉ» አለኝ። «የሒሳብ አስተማሪ ሆነህ ሳለ ይህን ሳትደምረው ቀረህን?» አልሁት። ጓደኞቹ ሳቁ፤ እርሱም ሳቀ፤ ከዚያ በኋላ ግን ዝም ብሎ ቈየ።

ቀጥዬም ስለ ሻማው ነገርኋቸው። አንጥረኛ ጌጡን ሲሠራ አስቀድሞ በሰም ቅርጹን ያወጣል፤ በላዩም ጭቃ ይለስናል፤ በእሳት ጊዜ ሰሙ ቀልጦ ይወጣል፤ ወርቁም ሰሙ በለቀቀው ስፍራ ይገባል። የቅኔ ቤት ሰምና ወርቅ የሚለውን ስሙን ያገኘው ከዚህ ነው። ዓመቶቻችንም እንደ ሰም ናቸው፤ መቅለጣቸው አይቀርም። የቀለጠውን ሰም አይቶ የሚያለቅስ አንጥረኛ ግን የለም፤ እርሱ የሚጠነቀቀው በለቀቀው ስፍራ የሚፈሰው ወርቅ እንዳይጐድል ነው። በልጅነታችን እናቶቻችንና መምህሮቻችን ቅርጹን አበጁልን፤ በሠላሳዎቹ ወርቁን ማፍሰስ የእኛ ፈንታ ነው።

በመጨረሻም ኬኩ ሳይቈረስ ዕዳህን አስቀድም፤ ቀኑን ለባለቤቷ መልስ አልሁት። እርሱም ነገሩ ገብቶት ስልኩን አንሥቶ በገጠር ላለችው እናቱ ደወለ። «እማዬ፤ ዛሬ 32 ዓመቱ ነው፤ እንኳን ማርያም ማረችሽ» አላት። ለጥቂት ጊዜ ከወዲያ ምንም አልተሰማም። ከዚያ በኋላ እልልታዋ ክፍሉን ሞላው፤ እኛም ቈመን ተቀበልናት።

አንባቢ ሆይ፤ እናትህ በሕይወት ካለች ቀኑ ሳያልፍ ድምፅህን አሰማት። እናትህ ያረፈች ወይም ያላወቅሃት እንደ ሆነ፣ ያሳደገህን፣ ያስተማረህን ወይም በቸገረህ ቀን እጁን የዘረጋልህን ሰው ፈልግ፤ እርሱም ከሌለ ከአንተ የሚያንሰውን አንድ ሰው በማዕድህ አስቀምጥ፤ ዕዳው በዚህም ይከፈላልና። ያን ጊዜ ዓመትህ ሲሞላ አንተም ከእርሱ ጋራ ትሞላለህ። ለመጪው ዓመት በሰላም ያድርሰን።